ተርኪ ከፍሪዘር እስከ ማዕድ፦ በረዶውን የማስለቀቂያና የመጥበሻ ሰዓት አሰላል

ሐሙስ ለሚቀርብ የታንክስጊቪንግ (የአሜሪካውያን የምስጋና በዓል) ተርኪ ሥራው የሚጀምረው ቅዳሜ ነው። 16 ፓውንድ (7 ኪሎ ከሩብ ገደማ) የሚመዝን የበረደ ተርኪ ፍሪጅ ውስጥ በረዶው እስኪለቅ 4 ሙሉ ቀን ይፈልጋል። ይህን ቀድሞ ያላሰላ ሰው ሐሙስ ጠዋት ሆዱ ውስጥ በረዶ የቋጠረ ተርኪ ይጠብቀዋል። ከዚያ ጥድፊያው ይመጣል፤ ሌሊቱን ጠረጴዛ ላይ ማሳደር፣ ሙቅ ውሃ ውስጥ መዘፍዘፍ፣ ኦቨኑን እስከ ጥግ ማጋል። እንግዳን የሚያሳምመው ይህ ጥድፊያ ነው። ስለዚህ ከማዕዱ ሰዓት ተነስተን ወደ ኋላ እንቆጥራለን።

የምንጠቀምባቸው ቁጥሮች የአሜሪካ ግብርና ሚኒስቴር (ዩኤስዲኤ) ለቤት ማብሰያ የሚመክራቸው ናቸው። አሜሪካ ውስጥ የተርኪው ወረቀትም ኦቨኑም በፓውንድና በፋራናይት ስለሆነ በዚያው እንሄዳለን፤ ሰዓቱንም በአሜሪካ አቆጣጠር እንጽፋለን።

ሲገዙ

የተለመደው ስሌት አጥንቱን ጨምሮ ለአንድ ሰው 1 ፓውንድ ነው። አበሻ ቤት ግን ተርኪው ብቻውን አይቀርብም። ዶሮ ወጡ፣ ጎመኑ፣ አይቡ፣ ክትፎው ካለ ለአንድ ሰው ሦስት ሩብ ፓውንድ አይጎድልም። ለ20 ሰው 16 ፓውንድ በቂ ነው። ከ20 ፓውንድ በላይ የሚያስፈልግዎ ከሆነና ኦቨንዎ ሁለት ትሪ ጎን ለጎን የሚይዝ ከሆነ፣ አንድ 22 ፓውንድ ከመግዛት ሁለት 11 ፓውንድ ቢገዙ እንመክራለን። ትልቁ በረዶው እስኪለቅ 6 ቀን ገደማ ይወስዳል፤ ትናንሾቹ ከ3 ቀን አያልፉም። ሲጠበሱም የትልቁ ደረት እየደረቀ ጭኑ ገና ሊሆን ይችላል፤ በትናንሾቹ ላይ ይህ ችግር ይቀላል።

ወረቀቱ ላይ ሁለት ነገር ያንብቡ። የመጀመሪያው፣ ስጋው በጨው ውሃ የተወጋ መሆኑን ነው። ብዙዎቹ የበረዱ ተርኪዎች በመቶኛ የተጻፈ የጨው ውሃ ተጨምሮባቸው ነው የሚሸጡት። እንዲህ ያለውን እንደገና ጨው ውስጥ ካሳደሩት አይበላም። ሁለተኛው «ፍሬሽ» የሚለው ነው። ፍሬሽ የሚባለው ከ26 ዲግሪ ፋራናይት በታች ወርዶ የማያውቅ ተርኪ ነው፤ ሲነኩት ጠንከር ቢልም የበረደ አይደለም። ፍሬሹን ከሚጠበስበት 1 ወይም 2 ቀን በፊት ብቻ ይግዙ። የበረደው ግን 0 ዲግሪ ፋራናይት ፍሪዘር ውስጥ እስካለ ድረስ አይበላሽም፤ ጣዕሙ እንዳይጓደል በዓመት ውስጥ ይጠቀሙበት።

በረዶውን ማስለቀቅ

ጥሬ ስጋ ላይ ያሉ ባክቴሪያዎች ከ40 እስከ 140 ዲግሪ ፋራናይት (ከ4 እስከ 60 ሴልሺየስ) ባለው ሙቀት በፍጥነት ይራባሉ። ጠረጴዛ ላይ ያደረ ተርኪ ውስጡ ገና ድንጋይ ሆኖ ቆዳው የቤቱን ሙቀት ይዟል፤ ለብዙ ሰዓት በዚህ ክልል ውስጥ ቆይቷል ማለት ነው። ጋራዥ ውስጥ፣ በረንዳ ላይ፣ መኪና ውስጥ ማሳደርም ያው ነው። ውጭው ቢቀዘቅዝም ሙቀቱ በሰዓታት ልዩነት ስለሚዋዥቅ አይታመንም። ዶሮ ማታ ሲንክ ላይ አውጥቶ ማሳደር የለመደ ሰው ይህን ልማድ ለተርኪ እንዳያመጣው አደራ።

ዋነኛውና ምርጡ መንገድ ፍሪጅ ነው። ስሌቱ ለየ4 ወይም 5 ፓውንዱ 24 ሰዓት ነው። እኛ ሁልጊዜ በ4 ማካፈልን እንመርጣለን፤ ምክንያቱም በዓል ሲደርስ ፍሪጁ ወጥና መጠጥ ታጭቆበት፣ በሩ በየደቂቃው እየተከፈተ ስለሚውል በረዶው በእኩል ፍጥነት አይለቅም።

12 ፓውንድ ፦ 3 ቀን
16 ፓውንድ ፦ 4 ቀን
20 ፓውንድ ፦ 5 ቀን
24 ፓውንድ ፦ 6 ቀን

ተርኪውን ከነማሸጊያው፣ ጠርዙ ከፍ ባለ ትሪ ላይ፣ ደረቱን ወደ ላይ አድርገው የታችኛው መደርደሪያ ላይ ያስቀምጡ። በረዶው ሲለቅ ደም የቀላቀለ ውሃ ይወርዳል፤ ከሥሩ ሰላጣም እንጀራም መኖር የለበትም። የፍሪጁን ሙቀት በትንሽ ቴርሞሜትር ይለኩ፤ ከ40 ዲግሪ መብለጥ የለበትም። ፍሪጅ ውስጥ በረዶው የለቀቀ ተርኪ ሳይጠበስ 1 ወይም 2 ቀን መቆየት ይችላል። ይህች ትርፍ ቀን መጠባበቂያዎ ናት፤ የ16 ፓውንዱን ተርኪ ቅዳሜ ማታ ሳይሆን ዓርብ ማታ ቢያወርዱት ሐሙስ ላይ ምንም ችግር የለውም። እንግዳው ቢቀርና ሐሳብ ቢቀይሩም፣ ፍሪጅ ውስጥ የለቀቀውን መልሶ ፍሪዘር ማስገባት ይቻላል፤ ስጋው ትንሽ ይደርቃል እንጂ አይጎዳም።

ረቡዕ ጠዋት አሁንም ድንጋይ ከሆነ ቀዝቃዛ ውሃ አለ። ስሌቱ ለ1 ፓውንድ 30 ደቂቃ ነው፤ 16 ፓውንድ 8 ሰዓት ይፈጃል። ማሸጊያው ቀዳዳ እንደሌለው ያረጋግጡ፤ ካለው ውሃ በማያስገባ ትልቅ ከረጢት ደግመው ይቋጥሩት፤ አለበለዚያ ውሃው ስጋውን ያጨቀየዋል፣ ባክቴሪያውም ወደ ሲንኩ ይዛመታል። ደረቱን ወደ ታች አድርገው ሙሉ በሙሉ በቀዝቃዛ የቧንቧ ውሃ ያጥልቁት፤ ውሃውን በየ30 ደቂቃው ይቀይሩ። ለ16 ፓውንድ 16 ጊዜ ገደማ ማለት ነው፤ ስልክዎ ላይ ማንቂያ ይሙሉ። ውሃው ካልተቀየረ ቀስ በቀስ የክፍሉን ሙቀት ይይዝና ጠረጴዛ ላይ ከማሳደር አይለይም። ሙቅ ውሃ ፈጽሞ አይሞክሩ። በውሃ የለቀቀ ተርኪ ፍሪጅ ውስጥ አይከርምም፤ ወዲያው ኦቨን መግባት አለበት። ስለዚህ ለሐሙስ ማዕድ የውሃው መንገድ የሚመቸው ፍሪጅ ውስጥ ቆይቶ ጥቂት በረዶ ለቀረው ነው፤ ሙሉ በሙሉ ድንጋይ ለሆነው ከሐሙስ ንጋት በፊት መነሳት ይጠይቃል። ማይክሮዌቭ ሙሉ ተርኪ የሚይዘው ጥቂት ነው፤ ከተጠቀሙበትም ወዲያው ይጠበስ።

ሐሙስ ጠዋት ሆዱ ውስጥ ጥቂት በረዶ ቢያገኙ አይደንግጡ። በከፊል የበረደ ተርኪን ኦቨን ውስጥ ማስገባት አደጋ የለውም፤ ጊዜው ብቻ ይረዝማል። ሙሉ በሙሉ የበረደው የተለመደውን ጊዜ አንድ ጊዜ ተኩል ይወስዳል፤ 4 ሰዓት የሚፈጀው 6 ሰዓት ይሆናል። እንዲህ ሲሆን ሆዱን በምንም አይሙሉት። የሆድ ዕቃውን ከረጢት ደግሞ መጥበስ ከጀመረ በኋላ በረዶው ሲላቀቅ በመቆንጠጫ ያውጡት። በረዶ ያለበትን ተርኪ የፈላ ዘይት ውስጥ መክተት ግን ቤት ያቃጥላል፤ በረዶው በአንዴ ወደ እንፋሎት ሲለወጥ ዘይቱ ገንፍሎ እሳቱ ላይ ይደፋል።

ስለ ማጠብ

እዚህ ላይ ከልማዳችን ጋር እንጋጫለን። ዶሮን በሎሚና በጨው ደጋግሞ ማጠብ የባለሙያነት ምልክት ነው፤ ለዶሮ ወጥም የራሱ ምክንያት አለው፤ ቆዳው ተገፎ፣ ብልቱ ወጥቶ፣ ደሙ ተጠርቶ ነው ወጡ ውስጥ የሚገባው። ከሱቅ የመጣ ተርኪ ግን ላባውም የሆድ ዕቃውም ተጸድቶ ነው የታሸገው። ሎሚና ጨው ሽታውን ይቀንሳሉ እንጂ ሳልሞኔላና ካምፒሎባክተር የሚባሉትን በሽታ አምጪ ባክቴሪያዎች አያጠፉም። እነሱን የሚገድላቸው የኦቨኑ ሙቀት ነው። ተርኪ የሚያክል ነገር ቧንቧ ሥር ሲገለበጥ ደግሞ የሚረጨው ውሃ ሲንኩን፣ ጠረጴዛውን፣ አጠገቡ ያለውን የሰላጣ ሳህን ያዳርሳል። ምክራችን አይጠቡት ነው፤ በወጥ ቤት ወረቀት ውስጥና ውጩን ያድርቁት። ቆዳው ሲደርቅ ተንጠርብቦ ለመጠበስም ይረዳዋል።

ሳያጥቡ መጥበስ አልዋጥልዎ ካለ ጉዳቱን ይቀንሱ። በመጀመሪያ ጥሬ የሚበላውን ሁሉ አዘጋጅተው ከአካባቢው ያርቁ። ቧንቧውን ሳይከፍቱበት፣ ውሃ በያዘ ሰፊ ጎድጓዳ ሳህን ውስጥ በቀስታ ይለቅልቁት። ከዚያ ሲንኩንና ጠረጴዛውን በሳሙና ይጠቡ፤ ቀጥሎም 1 የሾርባ ማንኪያ ሽታ አልባ በረኪና በ1 ጋሎን (3.8 ሊትር ገደማ) ውሃ በጥብጠው ያብሱ። እጅዎን ለ20 ሰከንድ በሳሙና ይታጠቡ።

ቅመምና ዝግጅት

ሆዱን ከሁለቱም በኩል ይፈትሹ። አንገቱ ብዙውን ጊዜ በትልቁ ቀዳዳ በኩል ይገኛል፤ ጉበቱና ልቡ ያለበት ከረጢት ደግሞ በአንገቱ በኩል ካለው ቆዳ ሥር ይደበቃል፤ ብዙ ሰው የሚረሳው ይሄኛውን ነው። ከረጢቱ ወረቀት ከሆነና አብሮ ቢጠበስ ችግር የለውም፤ ፕላስቲክ ሆኖ ከቀለጠ ግን ተርኪውንም የሆድ ዕቃውንም አይጠቀሙበት።

በርበሬ የሚወዱ ከቆዳው ሥር ይክተቱት። በርበሬ ቆዳው ላይ ተቀብቶ 4 ሰዓት ኦቨን ውስጥ ከቆየ ይጠቁርና ይመራል። ለ16 ፓውንድ 4 የሾርባ ማንኪያ የለሰለሰ ንጥር ቅቤ፣ 2 የሾርባ ማንኪያ በርበሬ፣ የተፈጨ ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል፣ ትንሽ ኮረሪማ ይለውሱ። በአንገቱ በኩል ጣትዎን አስገብተው ቆዳውን ሳይቀዱ ከደረቱ ስጋ ያላቁትና ለውሱን በእጅዎ ይግፉት፤ ከላይ ሆነው እየዳበሱ እስከ ጭኑ ድረስ ይበትኑት። ከላይ ቅቤ ብቻ ይበቃዋል። ጨው ያልተወጋ ተርኪ ከሆነ ለ1 ፓውንድ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ደቃቅ ጨው ይለኩ፤ በርበሬው ራሱ ጨው ካለው ይቀንሱ።

ስተፊንጉን (የተርኪው ሆድ የሚሞላበትን የዳቦ ድብልቅ) ሆዱ ውስጥ ከመጠቅጠቅ ለብቻው በትሪ መጋገር ይሻላል። ሆድ ውስጥ የገባው ዳቦ የጥሬውን ስጋ ጭማቂ ይመጥጣል፤ እሱ ራሱ 165 ዲግሪ እስኪደርስ ሲጠበቅ ደረቱ ይደርቃል።

መጥበስ

ኦቨኑ 325 ዲግሪ ፋራናይት (163 ሴልሺየስ) ይሁን። ከዚህ በታች አይጠበስም፤ ዝቅ ባለ እሳት ሌሊቱን ሙሉ ማሳደር ስጋው በአደገኛው ክልል ውስጥ ብዙ እንዲቆይ ያደርጋል። ሆዱ ባዶ ለሆነና በረዶው ሙሉ በሙሉ ለለቀቀ ተርኪ ጊዜው የሚከተለው ነው።

ከ8 እስከ 12 ፓውንድ ፦ ከ2 ሰዓት ከ45 እስከ 3 ሰዓት
ከ12 እስከ 14 ፓውንድ ፦ ከ3 ሰዓት እስከ 3 ሰዓት ከ45
ከ14 እስከ 18 ፓውንድ ፦ ከ3 ሰዓት ከ45 እስከ 4 ሰዓት ከ15
ከ18 እስከ 20 ፓውንድ ፦ ከ4 ሰዓት ከ15 እስከ 4 ሰዓት ተኩል
ከ20 እስከ 24 ፓውንድ ፦ ከ4 ሰዓት ተኩል እስከ 5 ሰዓት

ሆዱ ከተሞላ ከ15 እስከ 30 ደቂቃ ይጨምሩ። ኦቨንዎ ማራገቢያ ካለው ቀድሞ ሊደርስ ስለሚችል ቀደም ብለው መለካት ይጀምሩ።

ደረቱን ወደ ላይ አድርገው፣ ክንፎቹን ወደ ጀርባው አጥፈው፣ ጥልቀቱ ከ2 እስከ 2 ኢንች ተኩል በሆነ ትሪ ላይ ሽቦ ረብርበው ያስቀምጡት። ከዚያ የበለጠ ጥልቅ ትሪ ጭኑን ከሙቀቱ ይከልለዋል። ደረቱ ወርቃማ ሲሆን፣ ብዙ ጊዜ ከጠቅላላው ሰዓት ሁለት ሦስተኛው ላይ፣ ፎይል ጣል ያድርጉበት። በየ20 ደቂቃው እየከፈቱ መረቅ ማፍሰስ አያስፈልግም፤ በሩ በተከፈተ ቁጥር ሙቀቱ ይወርድና ያሰሉት ሰዓት ይፋለሳል።

ከላይ ያሉት ሰዓቶች መቼ መለካት እንደሚጀምሩ ይነግሩዎታል፤ መብሰሉን የሚያረጋግጠው ቴርሞሜትር ብቻ ነው። የስጋው ቀለም አያስተማምንም፤ በደንብ የበሰለ ተርኪ ሮዝ መልክ ሊይዝ ይችላል፤ ጭማቂው ጠርቶ የወረደም ገና ሊሆን ይችላል። ከአንዳንዱ ተርኪ ጋር የምትመጣው ብቅ የምትል ፕላስቲክም የምትለካው የተሰካችበትን ቦታ ብቻ ነው። የዲጂታል ቴርሞሜትሩን ጫፍ በሦስት ቦታ ይክተቱ፤ ጭኑ ከሰውነቱ ጋር በሚገናኝበት ውስጠኛ ቦታ፣ በደረቱ ወፍራም ክፍል፣ እና በክንፉ ሥር። ሦስቱም 165 ዲግሪ ፋራናይት (74 ሴልሺየስ) መድረስ አለባቸው። ጫፉ አጥንት ከነካ የተሳሳተ ቁጥር ይሰጣል፤ ሲነካ ጠንከር ይልብዎታል፣ ያኔ ትንሽ መለስ አድርገው ደግመው ያንብቡ። ቴርሞሜትሩ ትክክል መሆኑን አስቀድመው በረዶ በሞላበት የውሃ ብርጭቆ ይፈትኑት፤ 32 ማሳየት አለበት። በፈላ ውሃ መፈተን ዴንቨርን በመሰለ ከፍታ ቦታ ላይ አይሠራም፤ እዚያ ውሃ ከ212 ዲግሪ በታች ነው የሚፈላው።

አሁን የሐሙሱን ስሌት እንሥራው። ማዕዱ 4፡00 ከሰዓት ነው፤ ተርኪው 16 ፓውንድ። ለመቁረጥ 30 ደቂቃ፣ ከመቆረጡ በፊት አርፎ ጭማቂው እንዲሰበሰብ 30 ደቂቃ፣ ለመጥበስ ረጅሙን 4 ሰዓት ከ15 ደቂቃ እንያዝ፤ ድምሩ 5 ሰዓት ከሩብ። ተርኪው 10፡45 ጠዋት ኦቨን ይገባል፤ ኦቨኑ 10፡25 ይለኮሳል። 1፡45 ላይ መጀመሪያ ይለኩታል፤ ከ2፡30 እስከ 3፡00 ባለው ይወጣል። ቀድሞ ከደረሰ ፎይል ሸፍነው ያሳርፉት። 3፡00 ላይ 150 ላይ ከሆነ እሳቱን አይጨምሩ፤ እንግዶቹን በሌላው ምግብ አስጀምረው ይጠብቁት።

የተረፈው

ከኦቨን ከወጣ 2 ሰዓት ሳይሞላው የተረፈው ፍሪጅ ይግባ። ከነአጥንቱ አይክተቱት፤ ግዙፉ ገላ ውስጡ እስኪበርድ ሰዓታት ይወስዳል። ስጋውን ከአጥንቱ ለይተው፣ ከፋፍለው፣ ጠፍጣፋ ዕቃ ውስጥ ያድርጉት። በ3 ወይም 4 ቀን ውስጥ ይበላ፤ ከዚያ ለሚበልጥ ፍሪዘር። እንግዳ ሲሸኝ የሚቋጠረውም በዚሁ ሰዓት ገደብ ውስጥ ነው፤ መንገዱ ረጅም ከሆነ በረዶ ያለው ቦርሳ ይስጡት።

ለገና የሚቀመጥ ተርኪ

ታንክስጊቪንግ በፈረንጆቹ የኖቬምበር ወር አራተኛው ሐሙስ፣ ማለትም ከኖቬምበር 22 እስከ 28 ባለው ይውላል። ጾመ ነቢያት ደግሞ ኅዳር 15፣ ብዙውን ጊዜ ኖቬምበር 24 ይገባል። በዚህ የተነሳ በአብዛኛው ዓመት በዓሉ ጾም ላይ ይወድቃል፤ ብዙ ቤተሰብም ተርኪው በሚረክስበት በዚያ ሰሞን ገዝቶ ለገና ያስቀምጠዋል። ፍሪዘሩ 0 ዲግሪ እስከሆነ ድረስ ጥሩ ዘዴ ነው።

የገናው ችግር ሌሊቱ ነው። ቤተሰቡ ቅዳሴ ሲያድር ተርኪውን በዝቅተኛ እሳት ትቶ መሄድ ያምራል፤ ከ325 በታች አይሆንም፣ በ325ም ቢሆን ማንም በሌለበት ቤት ኦቨን አይተውም። ማታ ግማሽ ድረስ ጠብሶ ሲመለሱ መጨረስም አይቻልም፤ ግማሽ የበሰለ ስጋ ለባክቴሪያ የተመቸ ነው። እኛ የምንመርጠው በዋዜማው ጨርሶ መጥበስን ነው። ለ12 ፓውንድ ተርኪ፦ ጃንዋሪ 2 ማታ ከፍሪዘር ወደ ፍሪጅ ያውርዱት፤ ጃንዋሪ 5 ማታ በረዶው ይለቃል፤ ጃንዋሪ 6 ቀን 165 እስኪደርስ ይጠብሱት፤ ቆራርጠው በ2 ሰዓት ውስጥ ፍሪጅ ያስገቡት። በጾም ላይ ያለ ወጥ ሰሪ ስለማይቀምስ ጨውና በርበሬውን በማንኪያ መለካት ይኖርበታል፤ ከላይ ያለው ልክ ለዚህም ይሠራል።

ከቅዳሴ መልስ ስጋውን ትሪ ላይ ዘርግተው፣ ከትሪው ያስቀመጡትን መረቅ ረጨት አድርገው፣ በፎይል አፍነው 325 ዲግሪ ኦቨን ውስጥ ያሙቁት። ወፍራሙ ቁራጭ 165 ሲደርስ ያቅርቡት።